መሐል ሜዳ ምን ቅርስ አላት? ያለው ልጅና ተከትለው የመጡት 36 መልሶች

ሰሞኑን ኢንተርኔት ላይ ያለ አንድ የውይይት ክር እንቅልፍ ነስቶኛል። ሁለት ሌሊት ሙሉ ከላይ እስከ ታች አነበብኩት። ያገሬን ስም ስላየሁ ነው የገባሁት፤ የወጣሁት ግን ስለማላውቀው ነገር ብዙ ተምሬ ነው። ለእናንተም ልተርክላችሁ።

ክሩን የከፈተው አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የሚማር ልጅ ነው። ተወልዶ ያደገው በሰሜን ሸዋ፣ የመንዝ ከተማ በሆነችው መሐል ሜዳ ነው። ማደሪያ ክፍሉ ውስጥ የጎንደር፣ የላሊበላና የሐረር ልጆች አሉ። ማታ ማታ ስለ አገራቸው ሲያወሩ አንዱ ግንቡን፣ አንዱ ውቅር ቤተ ክርስቲያኑን፣ አንዱ ጀጎልን ይጠራል። ተራው ሲደርሰው እሱ የሚለው አጣ። ገብስ፣ በግና ንፋስ ከማለት በቀር ምንም አልመጣለትም። ከዚያ በመነሳት ጠየቀ፤ ለመሆኑ መሐል ሜዳ ምን ቅርስ አላት? መጨረሻ ላይ ግን መልሱን ራሱ ሰጠው። መንዝ ስሟ ትልቅ ነው እንጂ የሚታይ ነገር የላትም አለ።

ያቺ የመጨረሻ ዐረፍተ ነገር ናት ሰዉን ሁሉ ያስነሳችው።

1ኛው መልስ አጭርና ትሑት ነበር። ልጁን እንኳን ደህና መጣህ ብሎ፣ የአርባራ መድኃኔዓለምን ዋሻ ቤተ ክርስቲያን ሄደህ አይተህ ታውቃለህ ወይ ሲል ጠየቀው። 2ኛው ያንኑ አሰፋው። ዋሻው ውስጥ ሳይፈርስ ደርቆ የቆየ የሰው አስከሬን እንዳለ፣ እሱም ልጅ ሆኖ ከአያቱ ጋር ለንግሥ ሄዶ እንዳየውና ለሳምንት ያህል ሌሊት ሌሊት እየባነነ እንዳስቸገረ ጻፈ።

3ኛው ወደ ታሪክ ገባ። የሸዋ ነገሥታት ሐረግ የሚመዘዘው ከነጋሲ ክርስቶስ ነው፤ ነጋሲ ደግሞ የመንዝ ሰው፣ አጋንቻ የሚባለው ቦታ ልጅ ነው። ጊዜው የ17ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ነው። ከእሱ ወርዶ ወርዶ ሣህለ ሥላሴ፣ ኃይለ መለኮት፣ ምኒልክ ይመጣሉ። እስከዚህ ድረስ ጥሩ ነበር። ግን ምኒልክም መንዝ ተወለዱ ብሎ ጨመረበት። 4ኛው ወዲያው አረመው። ምኒልክ የተወለዱት አንጎለላ ነው፣ ነሐሴ 12 ቀን 1836 ዓ.ም.። ትሕትና ያለበት እርማት ነበር፣ 3ኛውም ተመልሶ አመሰገነ። እንዲህ ያለ ነገር በክር ውስጥ ብዙ አይገኝም፤ ደስ ብሎኛል።

ልጁ ግን አልረካም። የዘር ሐረግ ለጓደኞቼ አሳይቼ ፎቶ የሚነሱበት ነገር አይደለም አለ።

5ኛዋ መልስ ሰጪ ክሩን ቀየረችው። መሐል ሜዳ የምትኖር እናት ናት። ምንም አላስተማረችውም፤ ጠየቀችው ብቻ። የአያትህ ቤት በምን ተከድኖ ነበር? ክዳኑ የታሰረው በምን ገመድ ነው? ከብት ስትጠብቅ ዝናብ ሲመጣ ትከሻህ ላይ የምትደርበው ገሳ ከምን ተሠራ? ቤቱ የሚጠረገውስ? የአራቱም መልስ አንድ ነው፤ ጓሳ። አንተ ሣር ብለህ ያለፍከው እሱ ነው አለችው።

ለማያውቅ ላስረዳ። ጓሳ በደጋው አናት ላይ የሚበቅል፣ ችፍግ ብሎ የሚቆም፣ ረጅምና ጠንካራ ሣር ነው። ሣሩ ስሙን ለቦታውም አውሶታል። ከመሐል ሜዳ በላይ፣ ከ3,200 እስከ 3,700 ሜትር ከፍታ ላይ የተዘረጋው የጓሳ ምድር ወደ 78 ካሬ ኪሎ ሜትር ይሆናል። አስታና ጅብራ የሚባሉት ዕፅዋት፣ ጭላዳ ዝንጀሮው፣ ቀይ ቀበሮው እዚያ ነው። ከዚያ የሚነሳው ውኃ አንዱ ወደ ዓባይ፣ ሌላው በገደሉ በኩል ወደ አዋሽ ይወርዳል። የቤት ክዳን ሲያረጅ የሚኬደው እዚያ ነው። በልግ ቀርቶ ወይም ውርጭ መትቶት ገብሱ ሲጠፋ፣ ከብቱ ይዞ የሚከርመውም በዚያው ሣር ነው።

7ኛውን መልስ የጻፉት በዕድሜ የገፉ ሰው ናቸው። የልጃቸውን ልጅ እያስጻፉ እንደሆነ መጀመሪያ ላይ ተናግረዋል። ከክሩ ሁሉ ረጅሙና ለእኔም ሀብታሙ ይሄ ነው። ስለ ቄሮ ሥርዓት ነው ያስጻፉት።

እንዲህ ነው ነገሩ። መንዝን መጀመሪያ ያቀኑ ከሚባሉት አባቶች ሁለቱ አስቦና ጌራ ናቸው። ጓሳ ለሁለቱ ዘሮች የጋራ ተብሎ ተለየ። ይሄ ወደ 17ኛው ክፍለ ዘመን ይመልሰናል። አይታረስም፣ ቤት አይሠራበትም። ከአስቦ አንድ፣ ከጌራ አንድ አባ ቄራ ይመረጣል። አባ ቄራዎቹ ሲስማሙ ጓሳ ይዘጋል። ለአንድ ወር፣ ለሁለት ወር እንዳይመስላችሁ፤ ሦስት ዓመት፣ አንዳንዴም አምስት ዓመት ይዘጋል። በዚያ ጊዜ ማጭድ ይዞ መግባት የለም፣ ከብት ማስገባት የለም። ጠባቂዎቹ ተራ እየገቡ ዙሪያውን ይዞራሉ። አጥፍቶ የተገኘ ቅጣቱ ከባድ ነው። ከዚያ ሣሩ ደረሰ ተብሎ ሲታመን በበጋ ይከፈታል። መጀመሪያ ሰው ያጭዳል። አጨዳው ሲያበቃ ከብቱ ይገባል። ክረምት ሲቃረብ መልሶ ይዘጋል።

ሽማግሌው የመክፈቻውን ቀን ያስታውሱታል። ከየደብሩ የሚመጣው ሰው ሌሊቱን ተጉዞ፣ በሶውን ቋጥሮ፣ ማጭዱን ስሎ ይደርሳል። ያን ቀን የታጨደ ሣር ለዓመታት የቤት ክዳን ይሆናል። ልጅ ሆነው አባታቸው ሸክሙን ሲያስተካክሉላቸው እንደ ትናንት ይታያቸዋል። ይህን ሳነብ ቆሜ ነው የጨረስኩት። እኔ የዚያው የመንዝ፣ የሞላሌ ልጅ ነኝ፤ ጓሳን በስም እንጂ እንዲህ አድርጎ የነገረኝ ሰው አልነበረም።

8ኛው ላይ ነገሩ ሊበላሽ ነበር። ቄሮ የሚለውን ቃል ያየ አንድ ሰው ከቅርብ ዓመታት ፖለቲካ ጋር አገናኘው። ጠንከር ያለ ነገርም ተናገረ። 9ኛው በቁጣ መለሰለት። 10ኛዋ መሐል ገብታ፣ የመንዙ ቃል የሣር አጠባበቅ ሥርዓት ስም ነው፣ ከዛሬው ጋር የሚያገናኘው ድምፁ ብቻ ነው ብላ አበረደችው። 8ኛው አነበበና ጽሑፉን አነሳ። ሳይከራከር ማንሳቱ የሚያስመሰግነው ነው።

11ኛው ስለ ቆርቆሮ ነበር። ዛሬ መሐል ሜዳ ቆማችሁ ዙሪያውን ብታዩ የሚያብለጨልጨው ቆርቆሮ ነው። ስለዚህ ጓሳ ለክዳን ማገልገሉ ታሪክ ሆኗል ይላል። 

12ኛው ግን መራር ነበር። እኔም ደጋግሜ ያነበብኩት እሱን ነው። ቄሮን እንደ ገነት አታውሩልን ይላል። መብቱ የአስቦና የጌራ ዘር ለሆነ ብቻ ነበር። ዘሩን መቁጠር ያልቻለ፣ ርስት የሌለው፣ ከሌላ ቦታ መጥቶ የተጠጋ ሰው ሣሩን እያየ ቤቱ ያፈስስ ነበር። የእሱ አያት እንዲህ ካሉት ወገን ናቸው። ለክዳን የሚሆን ሣር የሚያገኙት ርስት ላለው ሰው ጉልበታቸውን ሰጥተው ነው። ቅርስ ስትሉ የማን ቅርስ እንደሆነ ጨምራችሁ ተናገሩ አለ።

13ኛው ክፉኛ መለሰ። አባቶቻችንን አትሳደብ፣ እነሱ ባይዘጉት ዛሬ ድንጋይ ብቻ ታይ ነበር አለው። 14ኛው 12ኛውን መንዜም አይደለህም እስከ ማለት ደረሰ። እዚህ ላይ ተናደድኩ። የአያቱን ታሪክ የተናገረን ሰው አገርህ አይደለም ማለት፣ ያንኑ የድሮውን በር እንደገና መዝጋት ነው።

ደግነቱ 15ኛው ረጋ ያለ ሰው ነበር። ሁለቱም ልክ ናቸው ብሎ ጀመረ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የመንግሥት የሆነበት አዋጅ ወጣ። የአስቦና የጌራ ብቸኛ መብት በዚያ ቀረ። የ12ኛው አያት ዓይነት ሰዎች በገበሬ ማኅበራቸው በኩል የመጠቀም መብት አገኙ፤ ይሄ ትልቅ ነገር ነው። ነገር ግን አባ ቄራውም አብሮ ቀረ። የሚዘጋው ሰው ጠፋ። ሁሉም እንደ ልቡ ገባ፣ ዳር ዳሩም ይታረስ ጀመር። በኋላ ነው ሕዝቡ ራሱ ሲያየው የደነገጠውና ኮሚቴ ያቆመው። ኮሚቴው የዘር ጉዳይ አይጠይቅም፤ የአካባቢው ነዋሪ ሁሉ ይወከልበታል። ዛሬ ጓሳ የማኅበረሰብ ጥብቅ ስፍራ ተብሎ በክልሉ ሕግ ታውቋል። መዝጋቱና መክፈቱም ቀጥሏል።

12ኛው ለ15ኛው አንድ ቃል ብቻ መለሰ፤ አመሰገነ። ለ13ኛውና ለ14ኛው ምንም አላለም።

16ኛው የመሐል ሜዳን የሆቴል ዋጋ ጠይቆ ሄደ። 17ኛዋ የዱር እንስሳት ተማሪ ሳትሆን አትቀርም፤ አጻጻፏ እንደዚያ ነው። ለክር ከፋቹ አንድ ነገር ሰጠችው። ጭላዳ ዋና ምግቡ ሣር የሆነ ብቸኛው የዝንጀሮ ወገን ነው፣ ከኢትዮጵያ ደጋ ሌላም የትም የለም። ቀይ ቀበሮ ደግሞ በዓለም ላይ ካሉት የውሻ ዘመዶች በቁጥር እጅግ ካነሱት አንዱ ነው፤ ለአካለ መጠን የደረሱት ከ500 አይበልጡም። ሁለቱ ጓሳ ላይ አብረው ይውላሉ። በ2007 ዓ.ም. የታተመ፣ እዚያው ጓሳ ላይ የተደረገ ጥናት ጠቀሰች። ቀበሮው ብቻውን አይጥ ሲያድን ከአራት ሙከራ አንዱ ነው የሚሳካለት፣ 25 በመቶ። በጭላዳ መንጋ መሐል ሲሆን ግን 67 በመቶ ይደርሳል። ጭላዳውም አይሸሸው፣ እሱም ግልገሎቹን አይነካ። እንግዲህ ይሄን ለጓደኞችህ ንገራቸው አለችው። እኔም ለሁለት ሰው ነግሬያለሁ።

18ኛው ገበሬ ነው። በስልኩ እንደሚጽፍ ያስታውቃል፣ ነጥብም የለውም። ጭላዳውን ፎቶ የሚያነሳው መኪና ይዞ ይመጣል፣ ይሄዳል። ገብሱ ሲያሸት ከማሳ ዳር ቆመው የሚያባርሩት ግን ልጆቹ ናቸው። እነዚያ ቀናት ልጆቹ ከትምህርት ቤት የሚቀሩባቸው ናቸው። 17ኛዋ ላይ አልተቆጣም። እንዲታወቅለት ብቻ ነው የፈለገው። 17ኛዋም ተመልሳ፣ እውነቱን እንደሆነና የሚጠብቅ ሰው የሚከፍለው ዋጋ በማንም ጥናት ራስጌ ላይ መጻፍ እንዳለበት ነገረችው። 19ኛው ጓሳ ላይ ስላለው የእንግዳ ማረፊያ ሎጅ ገቢ ጠየቀ፤ ማንም አልመለሰለትም።

ከ20ኛው ጀምሮ ክሩ ወደ ባና፣ ከበግ ጸጉር ወደሚሠራው ወፍራም ልብስ፣ ዞረ። እኔ ከመንገድ ወጣ አልልም፤ የመንዝ ሰው ስለ ቅርስ ሲያወራ መጨረሻው ባና ነው።

20ኛዋ ከዋሽንግተን አካባቢ የምትጽፍ ሴት ናት። የአባቷ ጥቁር በርኖስ፣ ከባና የተሰፋው ካባ፣ ቁም ሣጥኗ ውስጥ አለ። ልታጥበው ፈልጋ የልብስ ማጠቢያ ማሽን ውስጥ ይገባ እንደሆነ ጠየቀች። ሰባት ሰው ያህል ባንድነት አይሆንም ብሎ ጮኸ። 22ኛዋ፣ ጅዳ በሰው ቤት ሠርታ የተመለሰች ሴት፣ በዝርዝር ነገረቻት። ጸሐይ ላይ አውጥተሽ አራግፊው፣ ግድ ካልሆነ አትጠቢው፣ ግድ ከሆነም እንዶድና ቀዝቃዛ ውኃ። ሙቅ ውኃ ከነካው ይኮማተርና የሕፃን ልብስ ይሆንብሻል። ይህችው ሴት ጅዳ ውስጥ በማቀዝቀዣ ስር ተኝታ የእናቷን ባና ስታስብ እንደምታለቅስ ጻፈች። አንድ መስመር ነበር፤ ከስሩ ብዙ ሰው ልቡን አስቀምጦበታል።

23ኛው ለምን ሙቅ ውኃ እንደሚያኮማትረው አስረዳ። የሽማኔ ልጅ ነው። የመንዝ በግ ጸጉሩ ሻካራ፣ ቀለሙ ጥቁር ወይም ቡኒ ነው። ይሸለታል፣ በደጋን ይነደፋል፣ ሴቶች በእንዝርት ይፈትሉታል፣ ወንዶች ይሸምኑታል። ተሸምኖ ሲወርድ ግን ገና ወንፊት ነው፤ ብርድ ያሳልፋል። ባና የሚሆነው ሲረገጥ ነው። ሙቅ ውኃ እየፈሰሰበት በእግር ይረገጣል፣ ይታሻል፣ ጸጉሩ እርስ በርሱ ይያያዛል። ስፋቱ እያነሰ ውፍረቱ ይጨምራል። ከዚያ በኋላ ዝናብም ቶሎ አይዘልቀው። የእህታችን በርኖስ አባቷ ሳይለብሱት በፊት በደንብ ተረግጧል፤ ማሽኑ ይደግመዋል ነው ያላት። እኔ በባና ተሸፍኜ ያደግሁ ሰው ነኝ፤ ስለ መርገጡ ግን ያወቅሁት አሁን ነው። አያቴ ስትፈትል አጠገቧ ተቀምጬ እንዝርቷን እያየሁ ለምን አልጠየቅኋትም?

24ኛው ዝተት የሚባለውን ሌላውን የሱፍ ልብስና ባናን ለዩልኝ አለ። 25ኛውና 26ኛው መለሱ፣ ግን እርስ በርስ አልተስማሙም፤ አንዱ ከመንዝ ጌራ አንዱ ከመንዝ ላሎ ወረዳ ስለሆኑ በየአካባቢያቸው አባባል ነው የሚሟገቱት። 27ኛው በጉ ራሱ እየተለወጠ ነው ብሎ ሥጋቱን ጻፈ። ከአዋሲ ዝርያ ጋር የተዳቀለው በግ ገዘፍ ይላል፣ ገበያ ላይም ያወጣል፤ የድሮው ትንሹ በግ ግን ብርዱንም ረሃቡንም የሚችል ነው። ሁለቱንም የሚያረባ ሰው ስለሆነ ቃሉን አከበርኩለት።

28፣ 29 እና 30 የመንገድ ወሬ ናቸው። ጣርማ በር ላይ ዋሻው ሳይደርስ ከደሴው መንገድ ወደ ግራ ታጥፎ፣ በመዘዞ በሞላሌ አድርጎ መሐል ሜዳ ነው። ስለ ጭጋጉ፣ ስለ ጠመዝማዛው፣ ሞላሌ ላይ ስለሚበላው ምሳ ተወራ። ይሄን ሁሉ መድገም አያስፈልግም።

31ኛው 13ኛው ራሱ ነው፣ ተመልሶ መጣ። አሁንም ቁጣው አልበረደም፤ ግን ለ12ኛው ያለው ነገር ልክ እንዳልነበረ ጻፈ። የእሱ አያት ጠባቂ ነበሩ። አንዲት ሴት ሣር ስታጭድ ይዘው ማጭዷን እንደ ቀሟት በኩራት ሲያወሩ ሰምቶ ነው ያደገው። የ12ኛውን ጽሑፍ ካነበበ በኋላ ያቺን ሴት ማን እንደነበረች ማሰብ ጀመረ። 14ኛው አልተመለሰም።

12ኛውም ለዚህ መለሰ፣ 32ኛ ሆኖ። አያቱ ጓሳውን አልጠሉትም ነበር አለ። የጠሉት በሩን ነው። አዋጁ ከወጣ በኋላ በመጀመሪያው አጨዳ ሄደው ለራሳቸው ቤት ለራሳቸው አጭደው ሲመለሱ፣ ሸክሙን ደጃፍ ላይ አውርደው ለረጅም ጊዜ ዝም ብለው ተቀምጠው እንደነበር እናቱ ነግራዋለች። ያ ቤት ዛሬ ቆርቆሮ ነው። በረዶ ሲወርድ አጠገብህ ያለውን ሰው አትሰማም ይላል። በሣሩ ጊዜ ግን በረዶ መውረዱ የሚታወቀው ጠዋት በር ሲከፈት ነበር።

33ኛው ክር ከፋቹ ነው። ለረጅም ጊዜ ጠፍቶ ነበር የመጣው። እናቱ ጋ ደውሎ የ5ኛዋን አራት ጥያቄ ጠይቋቸው እንደነበር ጻፈ። እናቱ ስልኩን ሳይዘጉ አንድ ሰዓት አወሩለት። ከነገሩት ውስጥ ሁለት ቃላት አያውቅም ነበርና እዚህ ጻፋቸው፣ ሰዎችም አስተካከሉለት። ጓደኞቹን ለበጋ ጓሳ ሲከፈት ይዟቸው ሊሄድ ነው። 34ኛዋ በርኖስ አበድራችኋለሁ፣ በከተማ ጃኬት እንዳትመጡ አለች።

35ኛው የ7ኛው ሽማግሌ የልጅ ልጅ ነው። አያቱ መልሶቹን አንብብልኝ ብለው ሁሉንም ሰምተዋል። 12ኛው ያለው እውነት መሆኑን እንዲጽፍላቸው አዘዙት። በነሱ ጊዜ ይህን የሚጠይቅ እንዳልነበረም ጨመሩ።

36ኛው እስካሁን የመጨረሻው ነው፣ የጻፈው ራሱ 12ኛው ነው። የእናቱን ቤት ሳሎን አይነካውም፤ ከጓሮ ያለችውን ትንሽ ማድቤት ግን እንደ ድሮው በጓሳ ሊከድናት ይፈልጋል። ሣሩን በወረፋው ያገኛል። የቸገረው ሰው ነው። ጓሳ እንዴት እንደሚነባበር፣ ጉልላቱ ላይ እንዴት እንደሚታሰር የሚያውቅ ቤት ከዳኝ በመሐል ሜዳ ዙሪያ ቀርቶ እንደሆነ ጠየቀ። ከጠየቀ ሦስተኛ ቀኑ ነው፣ የመለሰለት የለም። የምታውቁ ካላችሁ ግቡና ጻፉለት።